በቨርጂኒያ የፀረ-ተባይ ርጭት ላይሰንስ አወጣጥ፦ ከቴክኒሻንነት እስከ ራስ ድርጅት

አገር ቤት “መድኃኒት” ነበር የምንለው። በረሮ ሲፈላ “መድኃኒት ይረጭበት”፣ እህል ሲነቅዝ “መድኃኒት ይደረግበት” እንላለን። የወባ ሠራተኞች መርጫቸውን በጀርባቸው አዝለው መንደር ሲገቡም “መድኃኒት ረጪዎቹ መጡ” ይባል ነበር፤ የሚረጩት ብዙ ጊዜ ዲዲቲ ነበር። አሜሪካ ዲዲቲን ያገደችው እ.ኤ.አ. በ1972 ነው፤ እኛ አገር ግን ከዚያ በኋላም ለብዙ ዓመታት የቤታችን ግድግዳ ላይ ተረጭቷል።

እኔም አሌክሳንድሪያ ውስጥ በአንድ የተባይ ማጥፊያ ድርጅት ስቀጠር ይኸው ቃል አብሮኝ ነበር። ለፈተናው ካጠናሁት ሁሉ ከባዱ ነገር ይህን ቃል ከአእምሮዬ ማውጣት ሆኖ አገኘሁት። በእጃችን የምንይዘው መርዝ ነው። ላይሰንሱ የሚመሰክርልንም መርዙ ላይ የተለጠፈውን ጽሑፍ፣ ማለትም ሌብሉን፣ አንብበን፣ ገብቶን፣ ከእሱ ዝንፍ ሳንል እንደምንሠራ ነው። ከዚህ በታች ያለው ሁሉ ከዚህ ነጥብ የሚነሣ ነው።

የምጽፈው ስለ ቨርጂኒያ ነው። የላይሰንስ ሕግ ከስቴት ስቴት ይለያያል፤ ስለ ሜሪላንድና ስለ ዲሲ ወደ ኋላ ላይ ጥቂት እላለሁ።

1. መጀመሪያ ላይሰንሱ ያስፈልጋችሁ እንደሆነ እዩ

በራሳችሁ ቤት ከሱቅ የገዛችሁትን ብትረጩ ላይሰንስ የሚጠይቃችሁ የለም። ሌብሉን የመከተል ግዴታ ግን በራሳችሁ ቤትም አለባችሁ። ገንዘብ ተቀብላችሁ የሰው ቤት፣ ሱቅ ወይም ግቢ ውስጥ ከረጫችሁ ነገሩ ይለወጣል፤ የረጫችሁት ማንም ከመደርደሪያ አንሥቶ የሚገዛው ዕቃ ቢሆን እንኳ ላይሰንስ የግድ ነው። ቤት በማጽዳትና ሣር በማጨድ የሚተዳደሩ ወገኖቻችን ብዙ ጊዜ የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው። ደንበኛዋ “እግረ መንገድህን ይቺን አረም ርጭልኝ” ስትል እሺ ማለት ቀላል ይመስላል። ግን ያቺ አንድ ርጭት የተከፈለባት ሥራ ናት።

ሌላው ብዙ ሰው የማያውቀው የሬስቶራንትና የግሮሰሪ ጉዳይ ነው። ምግብ ተከፍቶ በሚቀመጥበት፣ በሚሠራበት ወይም በሚሸጥበት ቦታ ፀረ-ተባይ መርጨት የሥራው አካል የሆነ ሠራተኛ፣ ድርጅቱ የአሠሪው ቢሆንም፣ ሰርቲፊኬት ያስፈልገዋል። በትምህርት ቤት፣ በሕክምና ተቋምና በሕፃናት ማቆያ ለሕዝብ ክፍት የሆነ ቦታ ላይ የሚረጭም እንዲሁ። ይህኛው ሰርቲፊኬት “ኮሜርሻል አፕሊኬተር ኖት ፎር ሃየር” ይባላል። እንጀራ የሚጋገርበት ጓዳ ውስጥ በረሮ ታየና ወጥ ሠሪዋ ጣሳ ይዛ ብትረጭ፣ ጥፋቱ የእሷ ብቻ አይሆንም፤ ርጪ ያላት ባለቤትም ይጠየቃል። ወለልና ጠረጴዛ በዲስኢንፌክታንት፣ ማለትም በጀርም ማጥፊያ፣ ማጽዳት ግን ይህን ሰርቲፊኬት አያስጠይቅም።

ይህን ሁሉ የሚቆጣጠረው የቨርጂኒያ የግብርናና የሸማቾች አገልግሎት መሥሪያ ቤት ነው። በሥራው ላይ ያሉ ሰዎች “ቪዳክስ” ይሉታል፤ እኔም እንደዚያው እለዋለሁ።

2. በቴክኒሻንነት ግቡ

ሁለት ዋና እርከኖች አሉ። የመጀመሪያው “ሬጅስተርድ ቴክኒሻን”፣ ሁለተኛው “ኮሜርሻል አፕሊኬተር” ነው። ቴክኒሻን በሰርቲፋይድ አፕሊኬተር፣ ማለትም ሰርቲፊኬት ባለው አፕሊኬተር፣ ኃላፊነት ሥር ሆኖ ለአንድ ድርጅት ይሠራል። ለሁሉም ሰው የተፈቀዱትን ኬሚካሎች ብቻውን ሄዶ መርጨት ይችላል። “ሪስትሪክትድ ዩዝ” የተባሉትን፣ ማለትም መንግሥት ለተመሰከረላቸው ሰዎች ብቻ የፈቀዳቸውን፣ ግን በአፕሊኬተሩ ቀጥተኛ ቁጥጥር ሥር ካልሆነ መርጨት አይችልም። አፕሊኬተር በተፈተነበት ዘርፍ ሁለቱንም ይረጫል፣ ሌሎችንም ይቆጣጠራል።

በቀጥታ አፕሊኬተር መሆን የሚፈልግ ብዙ ነው። ቨርጂኒያ ግን ልምድ ትጠይቃለች፤ የተለመደው መንገድ አንድ ዓመት በቴክኒሻንነት መሥራት ነው። የግብርና ወይም የባዮሎጂ ትምህርት ያላችሁ ከሆነ ትምህርቱ ከልምድ ጋር ተደምሮ ሊታይላችሁ ስለሚችል ማስረጃችሁን አያይዛችሁ ቪዳክስን ጠይቁ። ከዓለማያ ወይም ከአምቦ በዕፅዋት ሳይንስ ተመርቀው እዚህ ኡበር የሚነዱ ሰዎች አውቃለሁ። ለእነሱ ይህ ሥራ ከሌላው ሁሉ ይቀርባቸዋል፤ ማስረጃቸውን ከሻንጣ ቢያወጡት ደስ ይለኛል።

ዕድሜ ቢያንስ 18 መሙላት አለበት። መንጃ ፈቃድና ንጹሕ የመንጃ ታሪክ ሕጉ ባይጠይቅም አሠሪው ይጠይቃል፣ ምክንያቱም ቀኑን ሙሉ የድርጅቱን መኪና ይዛችሁ ነው የምትዞሩት።

3. ከአሠሪው ጋር የምትስማሙባቸው ነገሮች

ቴክኒሻን ለመሆን የ40 ሰዓት ሥልጠና ያስፈልጋል። 20 ሰዓቱ የንባብና የክፍል ትምህርት ሲሆን፣ 20ው ሰርቲፋይድ አፕሊኬተር አጠገባችሁ ቆሞ የሚያሠራችሁ የተግባር ልምምድ ነው። ይህ የአሠሪው ግዴታ ነው። ስትቀጠሩ በግልጽ ጠይቁ፦ ማን ያሠለጥነኛል? መቼ? መጽሐፉን ማን ይገዛል? የማመልከቻውን 50 ዶላር ማን ይከፍላል? ደኅና ድርጅት ክፍያውን ራሱ ይችላል። ሥልጠናውን ጨርሶ ለፈተና ለመቅረብ ያለው ጊዜ ከተቀጠራችሁበት ቀን ጀምሮ 90 ቀን ነውና አትዘናጉ።

እኔ የጀመርኩበት ድርጅት በሁለተኛው ቀን መርጫ አሸክሞ ላከኝ። የሰጡኝ ጓንት የቆዳ ነበር። ያን ቀን አራት አፓርታማ ረጨሁ። ማታ ጣቶቼና ጉንጬ ጉንዳን የሚሄድባቸው ይመስል ይነዝሩኝ ጀመር፤ ሳጥባቸው ደግሞ ባሰ። ፈርቼ ሳልተኛ አደርኩ። በኋላ መጽሐፉን ሳነብ ያ ስሜት ፓይረትሮይድ የሚባሉት ፀረ-ነፍሳት ቆዳ ሲነኩ የሚፈጥሩት የታወቀ ነገር መሆኑን አገኘሁ። የቆዳም ሆነ የጥጥ ጓንት ኬሚካሉን መጥጦ እጅ ላይ እንደሚያቆየውም እዚያው ተጽፎ ነበር። ሌብሉም ኬሚካል የማያሳልፍ ጓንት ይላል። ሥልጠና ሳይሰጣችሁ “ሂድ ርጭ” የሚላችሁ አሠሪ ካጋጠማችሁ ሥራውን ትታችሁ ሌላ ፈልጉ። ቴክኒሻን የሚፈልግ ድርጅት በሰሜን ቨርጂኒያ አይጠፋም።

ሌላ መጠንቀቅ ያለባችሁ ነገር አለ። “በ1099 እንሥራ”፣ ማለትም ሳትቀጠሩ በተቋራጭነት ሥሩ፣ የሚል ካለ በራሳችሁ ስም የምትሠሩ ድርጅት ሆናችሁ ልትቆጠሩ ትችላላችሁ፤ ያ ደግሞ የራሱ የንግድ ላይሰንስ አለው። ቴክኒሻን የምትሆኑ ከሆነ ደመወዝተኛ ሆናችሁ ግቡ።

4. ማመልከቻ

ሥልጠናው ሲያልቅ የቴክኒሻን ማመልከቻውን ሞልታችሁ ከ50 ዶላር ጋር ለቪዳክስ ትልካላችሁ። ሥልጠናውን መጨረሳችሁ ፎርሙ ላይ ስለሚረጋገጥ ያልሠራችሁበትን ሰዓት አትፈርሙ። ቪዳክስ አይቶ ሲቀበለው የፈቃድ ደብዳቤ ይልክላችኋል። ይህ ደብዳቤ የፈተና መግቢያችሁ ነው፤ የሚያገለግለውም ለተወሰነ ጊዜ ስለሆነ ላዩ ላይ ያለውን ቀን እዩና ሳያልፍ ተፈተኑ።

5. ጥናቱ

መጽሐፉ “ኮር ማኑዋል” ይባላል። የሚያዘጋጀው ቨርጂኒያ ቴክ ነው፤ ከዩኒቨርሲቲው ይገዛል፣ የት እንደሚገኝ የየካውንቲው የግብርና ኤክስቴንሽን ቢሮም ይነግራችኋል። ፈተናው በአማርኛ አይሰጥም። በእንግሊዝኛው ምክንያት ውጤታቸው እንደሚያንስ ፈርተው የሚተዉ ሰዎች አሉ። እኔ የማየው ሌላ ነው፤ እንግሊዝኛ አሳምሮ የሚናገር ሰው ሌብል ሳያነብ ገብቶ ሲወድቅ፣ ቀስ እያለ የሚያነብ ደግሞ ሲያልፍ አይቻለሁ። ማለፊያው 70 በመቶ ነው።

ከሌብሉ ጀምሩ። በሥራ ላይ ከምትይዟቸው ዕቃዎች የሦስቱን ሙሉ ሌብል ከኢንተርኔት አውርዳችሁ አትሙ። አንዳንዱ ሃያና ሠላሳ ገጽ ነው። በቀን አንድ ክፍል እያነበባችሁ የማታውቁትን ቃል በደብተር በአማርኛ ጻፉ። ለእኔ ከሁሉ የጠቀመኝ ይህ ደብተር ነው። ጥቂት ከእሱ ልቅዳ።

ሦስቱ የማስጠንቀቂያ ቃላት፦ “ዴንጀር” ከሁሉ የከፋው ነው፤ ከቅምሻ እስከ አንድ የሻይ ማንኪያ የሚሆነው ብቻ ሰው ሊገድል ይችላል። “ፖይዝን” የሚል ቃልና የራስ ቅል ምስል ከተጨመረበት ሲዋጥ፣ በቆዳ ሲገባ ወይም ሲተነፈስ የሚገድል ነው። “ዋርኒንግ” መካከለኛ፣ “ኮሽን” ዝቅተኛው ነው። ዝቅተኛ ማለት ግን የማይጎዳ ማለት አይደለም።

“ኤልዲ50”፦ ከሙከራ እንስሳቱ ግማሹን የገደለው መጠን፣ በኪሎ ግራም ክብደት በሚሊ ግራም የሚለካ። ቁጥሩ ባነሰ መጠን መርዙ ይከፋል። ከ50 በታች ከሆነ በአፍ ለሚገባ መርዝ የመጀመሪያው ምድብ ውስጥ ነው። ብዙ ሰው ይህን ገልብጦ ነው የሚመልሰው፤ ትልቅ ቁጥር ትልቅ መርዝ ይመስለዋል።

አደጋ ማለት መርዛማነት ሲባዛ በመጋለጥ ነው። የታሸገ ጠርሙስ ውስጥ ያለ ክፉ መርዝ ካልነካችሁት አይጎዳችሁም። ቀለል ያለው ደግሞ ያለ ጓንት በየቀኑ ከያዛችሁት ይጎዳችኋል። ፈተናው ይህን በተለያየ መንገድ ይጠይቃል። ኬሚካል ወደ ሰውነት በብዛት የሚገባው በቆዳ መሆኑን፣ በተለይ በብሽሽትና በግንባር ቶሎ እንደሚሰርግም ይጠይቃል።

አሁን ለአማርኛ ተናጋሪ ዋናው ወጥመድ። ሌብል ላይ “መስት”፣ “ሻል” እና “ዱ ኖት” ግዴታ ናቸው። “ሹድ” እና “ሜይ” ምክር ናቸው። እኛ “መስት”ንም “ሹድ”ንም “አለበት” ብለን ነው የምንተረጉመው፤ በአማርኛ ስናስብ ልዩነቱ ይጠፋናል። ፈተናው ግን የሕግ ግዴታው የቱ እንደሆነ ይለይባችኋል። ደብተራችሁ ላይ “መስት = የግድ”፣ “ሹድ = ይመከራል” ብላችሁ ጻፉ።

እያንዳንዱ ሌብል ላይ ከጽሑፉ አጠቃቀም ውጭ መጠቀም የፌዴራል ሕግ መጣስ ነው የሚል ዓረፍተ ነገር አለ። ረጪዎች “ሌብሉ ሕግ ነው” የሚሉት ከዚህ ተነሥተው ነው። ለምሳሌ ምግብ በሚዘጋጅበት ቦታ እንዲረጭ ሌብሉ ካልፈቀደ አይረጭም፤ ባለ ሱቁ ቢለምናችሁም አይረጭም። የጤፍ ዱቄትና የሽሮ ከረጢት የተደረደረበት መጋዘን ውስጥ ነቀዝ ቢገኝ መጀመሪያ የሚሠራው የተነቀዘውን ማውጣት፣ መደርደሪያውን መጥረግ፣ አዲሱን በሚዘጋ ዕቃ መክተት ነው። ይህ ፈተናው “አይፒኤም” የሚለው አሠራር ነው፦ ፈትሽ፣ ተባዩን ለይ፣ ምግቡንና ውኃውን አሳጣው፣ መግቢያውን ድፈን፣ ካልበቃ ኬሚካል። በጥያቄዎቹ ላይ “መጀመሪያ ምን ታደርጋለህ?” ሲባል መልሱ መርጨት የሚሆንበት ጊዜ ጥቂት ነው።

እዚህ አገር በ2022 የወጣ የፌዴራል ሕግ የሌብሉ የደኅንነት ክፍሎች በስፓኒሽም እንዲቀርቡ አዟል። የስፓኒሽ ተናጋሪ ሠራተኞች ብዛት ያመጣው ነው። በአማርኛ እስኪመጣ ግን የእኛ ደብተር የእኛ ትርጉም ነው፤ ጻፉት፣ ለሚቀጥለው ሰውም አውሱት።

ቀጥሎ ስሌቱ። እኛ በሊትርና በሜትር ያደግን ሰዎች እዚህ እንደናቀፋለን። ሦስት ቁጥር በቃላችሁ ያዙ፦ አንድ ጋሎን 128 አውንስ፣ አንድ ጋሎን 3.785 ሊትር፣ አንድ ኤከር 43,560 ስኩዌር ፊት። ከዚያ እንዲህ ያለ ጥያቄ ሥሩ፦ ሌብሉ ለ1,000 ስኩዌር ፊት 1.5 አውንስ ይላል። ግቢው 80 በ50 ፊት ሲሆን መካከሉ ላይ 30 በ20 ፊት የሆነ ቤት ቆሟል። ምን ያህል ኬሚካል ያስፈልጋል?

ጠቅላላው 4,000 ስኩዌር ፊት ነው። ቤቱ 600 ይይዛል። የሚረጨው 3,400 ነው። 3.4 ሲባዛ በ1.5፣ 5.1 አውንስ። ቤቱን መቀነስ የረሳ 6 ብሎ ይመልሳል፤ 6 ደግሞ ከምርጫዎቹ አንዱ ሆኖ ይጠብቀዋል።

ውኃውስ? መርጫው ላይ 2 ጋሎን ንጹሕ ውኃ ጨምሩና በለመዳችሁት አረማመድ 1,000 ስኩዌር ፊት ርጩ። 1 ጋሎን ከተረፈ ለ1,000 ስኩዌር ፊት 1 ጋሎን ታወጣላችሁ ማለት ነው። ስለዚህ ለዚያ ግቢ 3.4 ጋሎን ውኃ በ5.1 አውንስ። ይህ “ካሊብሬሽን” ይባላል። አረማመዳችሁ ወይም የመርጫው አፍ ከተለወጠ ቁጥሩም ይለወጣል። ቅዳሜ ጠዋት ሜዳ ላይ በውኃ ብቻ ሁለት ሦስት ጊዜ ብትሞክሩት ከመጽሐፉ ሃያ ገጽ ይሻላችኋል። አብረውኝ ከሠሩት አንዱ “ትንሽ ጨምርበት፣ ቶሎ እንዲሞቱ” ይል ነበር። ከሌብሉ በላይ መጨመር ሕግ መጣስ ነው፤ ደግሞም ወለሉ ላይ የሚድኸው ሕፃን ነው የሚከፍለው።

ከዚህ በኋላ ያሉት በንባብ ብቻ የሚያዙ ናቸው፦ ነፋስ የሚወስደው ጠብታ፣ ወደ ከርሰ ምድር የሚሰርገው፣ ዝናብ የሚያጥበው። በእኛ አካባቢ የመንገድ ዳር ፍሳሽ ወደ ፖቶማክ፣ ከዚያም ወደ ቼሳፒክ ባሕረ ሰላጤ ስለሚሄድ መርጫ ታጥቦ እዚያ አይደፋም። ባዶ ጠርሙስ ሦስት ጊዜ ይታጠባል፤ እጣቢው ወደ መርጫው ተመልሶ በሌብሉ መሠረት ይረጫል። ያበበ ተክል ንቦች እየቀሰሙት አይረጭም። የተረፈ ኬሚካል ወደ ሌላ ዕቃ አይገለበጥም። አገር ቤት በሃይላንድ ቀድቶ አልጋ ሥር ማስቀመጥ የተለመደ ነበር፤ ውኃ መስሎት የጠጣ ልጅ ወሬ ያልሰማ ሰው ያለ አይመስለኝም።

6. የፈተናው ቀን

የምትፈተኑት በዲኤምቪ ቢሮ ነው፤ መንጃ ፈቃድ የሚወጣበት ያው ቦታ። የፈቃድ ደብዳቤውንና ፎቶ ያለው መታወቂያ ያዙ። ፈተናው በኮምፒዩተር፣ በምርጫ የሚመለስ ነው፤ መጽሐፍ ይዞ መግባት አይቻልም። ቢሮው ሊዘጋ ሲል አትሂዱ። በቋንቋው ቀስ ብለን የምናነብ ሰዎች ሰዓት ያስፈልገናል፤ ጠዋት ግቡ።

ጥያቄው ላይ “ኤክሴፕት” ወይም “ኖት” የሚል ቃል ካለ ቆም በሉ፤ የተገለበጠ ጥያቄ ነው። የማታውቁትን ዝለሉና ተመለሱበት።

7. ከዓመት በኋላ፦ ኮሜርሻል አፕሊኬተር

አንድ ዓመት ሠርታችሁ ስታመለክቱ ክፍያው 100 ዶላር ነው። ይህኛው ፈተና ሁለት ክፍል አለው፦ ያንኑ ኮር እና የምትሠሩበትን ዘርፍ። ዘርፎቹ በቁጥርና በፊደል ይጠራሉ። 7ኤ የቤትና የሕንፃ ውስጥ ተባይ፣ 7ቢ ምስጥና እንጨት የሚበሉ፣ 3ኤ ጌጠኛ ተክሎች፣ 3ቢ ሣር፣ 6 የመንገድና የኤሌክትሪክ መስመር ዳር፣ 8 የሕዝብ ጤና ነው። ለእያንዳንዱ የራሱ መጽሐፍ አለው።

የትኛውን? እኔ የአፓርታማ ሥራ ለሚሠራ ሰው 7ኤን ቀድሞ፣ 7ቢን አከታትሎ እላለሁ። በረሮ፣ ትኋንና አይጥ ክረምት ከበጋ ሥራ አያጡም፤ ምስጥ ደግሞ ቤት ሲሸጥና ሲገዛ የምርመራ ሥራ ያመጣል። ሣርና ግቢ የምትወዱ 3ኤንና 3ቢን አንድ ላይ ውሰዱ፤ አበባውን ረጭቶ ሣሩን መርጨት አልችልም ማለት ለደንበኛ አይመችም።

የ7ኤ ፈተና ተባዩን ማወቅ ይፈልጋል። “ጀርመን በረሮ” የምትባለዋ ትንሿ ቡናማ እንቁላሏን፣ ከ30 እስከ 40 የሚሆነውን፣ በከረጢት ይዛ እስኪፈለፈል ድረስ ትዞራለች። ስለዚህ በየስንጥቁ የሚደረግ ጄል ማጥመጃ በአየር ላይ ከመርጨት ይሻላል። ማጥመጃው አጠገብ የሚያባርር ኬሚካል ከረጫችሁ ግን በረሮዋ ማጥመጃውን ትሸሸዋለች፤ የራሳችሁን ሥራ አፈረሳችሁ። ደንበኞች ከሱቅ ገዝተው የሚያፈነዱትን የጭስ ጣሳም ታገኛላችሁ። ጋዙ ተቀጣጣይ ነው፤ የጋዝ ምድጃ ነበልባል ወይም የቡና ከሰል ባለበት ቤት ሊፈነዳ ይችላል። ለእናቶቻችን በአማርኛ ይህን ማስረዳት የምንችለው እኛ ነን።

8. የራስ ድርጅት

የአፕሊኬተር ሰርቲፊኬት የሰውየው ነው፤ ድርጅት የሚከፍት ሌላ ላይሰንስ ያወጣል። የቪዳክስ የፀረ-ተባይ ንግድ ላይሰንስ በአንድ አድራሻ በዓመት 150 ዶላር ሲሆን ማርች 31 ያበቃል። በየአድራሻው ቢያንስ አንድ ሰርቲፋይድ አፕሊኬተር ኃላፊ መሆን አለበት፤ የኃላፊነት ኢንሹራንስ ማስረጃም ይጠየቃል። ተራ የንግድ ኢንሹራንስ ብዙ ጊዜ የኬሚካል ጉዳትን ስለማይሸፍን ለኢንሹራንስ ሻጩ ሥራችሁ ርጭት መሆኑን ንገሩትና በጽሑፍ አረጋግጡ። የከተማው ወይም የካውንቲው የንግድ ፈቃድ ከዚህ የተለየ ነው።

የሰሜን ቨርጂኒያ ሰው ደንበኛው ወንዝ ማዶ ነው። በቨርጂኒያ ላይሰንስ ሲልቨር ስፕሪንግ ወይም ዲሲ ሄዶ መርጨት አይቻልም። ሜሪላንድ የራሷ የግብርና መሥሪያ ቤት፣ ዲሲ ደግሞ የኢነርጂና አካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤቱ ፈቃድ ይሰጣሉ። ቨርጂኒያ ላይ የተፈተናችሁበትን ይቀበሉ እንደሆነ ሥራውን ከመቀበላችሁ በፊት ደውላችሁ ጠይቁ።

9. ካወጣችሁ በኋላ

ሰርቲፊኬቱ ለሁለት ዓመት ነው፤ ጁን 30 ያበቃል። ለማሳደስ ከዚያ በፊት በየዘርፋችሁ የተፈቀደ የማደሻ ኮርስ መውሰድ አለባችሁ፤ ካልሆነ እንደ አዲስ መፈተን ይመጣል። ኮርሱን ሜይ ላይ አትፈልጉ፤ ያኔ የሥራው ጥድፊያ ነው፣ ቦታም ይሞላል። በብርዱ ወራት ጨርሱት።

የእያንዳንዱ ርጭት መዝገብ ሁለት ዓመት ይቀመጣል፦ የደንበኛው ስምና አድራሻ፣ የረጨው ሰው ስምና የሰርቲፊኬት ቁጥር፣ ቀኑ፣ ቦታው፣ ተባዩ፣ የኬሚካሉ ስምና ሌብሉ ላይ ያለው የምዝገባ ቁጥር፣ መጠኑ፣ የተረጨበት መሣሪያ። መኪናው ውስጥ ሳላችሁ፣ ወደ ቀጣዩ ቤት ሳትሄዱ ጻፉት። ማታ ከትውስታ የተጻፈ መዝገብ መርማሪ ሲመጣ ይታወቃል።

የሥራ ልብሳችሁን ከልጆቻችሁ ልብስ ጋር አትጠቡ። ለብቻው፣ በሙቅ ውኃ፣ ከዚያ ማሽኑን ባዶውን አንድ ዙር።

በስልካችሁም 1-800-222-1222 መዝግቡ፤ የመርዝ ጉዳይ የድንገተኛ መስመር ነው፣ ሃያ አራት ሰዓት ይሠራል፣ ክፍያ የለውም። አማርኛ አስተርጓሚ ጠይቁ። ሰውየው ራሱን ከሳተ ወይም መተንፈስ ካቃተው ግን መጀመሪያ 911። በሁለቱም ስልክ ላይ የሚጠየቀው ኬሚካሉ ምን እንደሆነ ነውና ስትደውሉ ሌብሉ በእጃችሁ ይሁን።